ቤቱን እግዜር ወሰደው

በሠላሳ አንድ ዓመተ ምሕረት፣ ጥር ውስጥ፣ ቡሬ ላይ አንድ ቤት ተሰረቀ።

ከቤቱ ውስጥ ዕቃ ተሰረቀ አላልኩም። ራሱ ቤቱ ነው የተሰረቀ። ጣሪያው፣ ምሰሶው፣ ማገሩ፣ መዝጊያው ከነመቃኑ። የቀረው ግድግዳው ተተክሎበት የነበረው ክብ ጉድባ ብቻ ነው። ከክቡ መካከል ደግሞ የበርበሬ ጆንያ በጆንያ ላይ ተደርድሮ፣ ጤዛ እንዳይነካው ቁርበት ለብሶ ተቀምጧል።

አያ ዘሩ፣ የበርበሬ ነጋዴው፣ በጠዋት ቁልፍ ይዘው መጡ። የልማዳቸውን መሬት መሬት እያዩ ነው የሚሄዱት፤ የወደቀ ነገር እንዳያመልጣቸው። ደረሱና ቁልፉን ሊሰኩ እጃቸውን ዘረጉ። የሚሰኩበት አጡ። ቀና አሉ። ሰማይ ነው።

«ኡኡ! ቤቴን! ኧረ ቤቴን!»

ገበያተኛው ግር ብሎ መጣ።

«ተቃጠለ?»

«አልተቃጠለም!»

«ፈረሰ?»

«አልፈረሰም!»

«ታዲያ ምን ሆነ?»

«ሄደ!»

ፀሐይ ከፍ ሳትል ወሬው አገሩን ሞላው። አንዱ የጣሊያን አይሮፕላን በገመድ ስቦ አነሣው አለ። ሌላው አዴት ድረስ ሲበር ያየው ሰው አለ አለ። አንዲት ሴት ደግሞ፣ ቤቱ የአያ ዘሩ ንፍገት አንገሽግሾት ለመመነን ወደ ዋልድባ እንደሄደ በእርግጠኝነት ተናገረች።

ያን ጊዜ ቡሬን ጣሊያን ይዟታል፤ ገጠሩን አርበኛ ይዞታል፤ መካከሉን የያዘው ሹምባሽ ገብረሰንበት ነው። የማንኩሳ ልጅ ነው። ቅኔ ቤት ገብቶ ነበር፤ ትምህርቱን ሳይጨርስ ጠፍቶ ወጣ። ጣልያንኛውን ከአንድ የካሚዮን ሾፌር ስለተማረ ግማሹ ስድብ ነው። ቢሆንም ከእሱ የተሻለ ስላልተገኘ ጣሊያን ካኪ አልብሶ፣ የሹምባሽ ማዕረግ ለጥፎ፣ አስተርጓሚም መርማሪም አድርጎታል።

የምሽጉ አዛዥ፣ ሁሉም «ቴኔንቴው» የሚለው ወጣት መኮንን፣ ነገሩን ሰምቶ ጠረጴዛውን ደበደበ።

«አርበኞች ናቸው! ዛሬ ቤት የሰረቀ ሕዝብ ነገ ምሽጌን ይሰርቃል። እስከ እሑድ ሌባውን አምጣ።»

«ባይገኝስ፣ ጌታዬ?»

«ነጋዴው አንዲት አሮጊት ከስሷል። እሷን ደብረ ማርቆስ እስር ቤት እልካታለሁ።»

ገብረሰንበት አሮጊቷን ያውቃታል። እትየ ታንጉት ናቸው። ቆሎ ተማሪ ሳለ ውሻ በዱላ እየመለሰ በየደጁ ሲለምን፣ የእሳቸው ደጅ ነበር ያለ ዱላ የሚገባበት።

*

ከባዶው ክብ መካከል፣ አያ ዘሩ ጆንያቸው ላይ ተቀምጠዋል፤ እሱም እንዳይሄድባቸው።

«አያ ዘሩ፣ ቤቱ የማን ነው?» አለ ገብረሰንበት።

«የእኔ ነዋ!»

«የእርስዎ?»

«ማለቴ… ቤቱስ የታንጉት ነው። የያዝኩት ግን እኔ ነኝ። ወለድ አገድ ነው።»

ወለድ አገድን ለማያውቅ ሰው ነገሩ እንዲህ ነው። አበዳሪው ወለድ አይቀበልም። በወለዱ ፋንታ የተበዳሪውን ቤት ይዞ ይጠቀምበታል፤ ተበዳሪው ዋናውን ብር እስኪመልስ ድረስ። ለጆሮ ደግ ነገር ነው። ወለድ የለማ! ደረሰ የሚባለው የእትየ ታንጉት ባል፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ለአባቱ ተዝካር ሠላሳ ጠገራ ብር የተበደረ በዚህ ነው። ተዝካሩ አማረ፤ አገር በላ። ከዚያ ደረሰም ሞተ፤ እትየ ታንጉትም ከእህታቸው ጓሮ ከበግ ጎጆ ገቡ። ስምንት ዓመት ሆነ።

«ውሉ በምን ነበር?»

«በአፍ ነዋ! በምስክር። መሪጌታ ክንፈሚካኤል ቆመው ሰምተዋል። ቃሉን ግን ያወጣሁት እኔ ራሴ ነኝ።» አያ ዘሩ ኀዘናቸውን ረስተው ደረታቸውን ነፉ። «‹ይህ ቤት በዚህ ቦታ ላይ እስከቆመ ድረስ ይዞታዬም ብድሬም ይቆማል፤ ከቤቱ በቀር ሌላ ነገር አልጠይቅም።› አየህ ‹እስከቆመ› የምትለዋን? ዓመት አልቆረጥኩም። ዓመት የቆረጠ ሰው ዓመቱ ሲሞላ ውጣ ይባላል። ‹በዚህ ቦታ ላይ› ያልኩትስ ለምን ይመስልሃል? ቦታውም አብሮ እንዲያዝ ነው!»

«ጎበዝ ነዎት።»

«ነኝ እንጂ! ዘንድሮ ከፋሲካ በኋላ ቦታውን ለጣሊያኖቹ ልሰጥ ተስማምቼ ነበር። ቆርቆሮ ቤት ሊሠሩበት፣ የወይን ጠጅ መሸጫ። ይኸው ነው የተቃጠልኩት!»

«ይህን እትየ ታንጉት ሰምተዋል?»

«አገር ሰምቷል። ለዚህ እኮ ነው እሷ ናት የምልህ።»

«የስድሳ ዓመት ሴት ቤት ተሸክማ ሄደች?»

«አንተ መርማሪ አይደለህ? እንዴት እንደተሸከመችው መርምር!»

ገብረሰንበት ሳቁን በሳል አሳለፈ። «ሌባው ሲገኝ ምን ያህል ይካስዎ?»

አያ ዘሩ ዓይናቸው በራ። «ያ ቤት በዓመት ዐሥር ብር ያስገባልኛል። የጅጋ ነጋዴ፣ የማንኩሳ ነጋዴ፣ ሁሉም በርበሬውን እየከፈለ እዚያ ነው የሚያሳድር። ይህን ሁሉ ዓመት አስገብቷል፤ ገና ለልጄ ያስገባል፤ ለልጅ ልጄ ያስገባል። ስለዚህ የልጅ ልጄን ኪሣራ ጨምረህ ያዝልኝ።»

«የልጅ ልጅ አለዎት እንዴ?»

«ይወለዳል!»

*

የቤቱ ዘበኛ ክንዱ የሚባል ሰው ነው። ከአረቄ ጋር ያለው ፍቅር ከሚስቱ ጋር ካለው ይበልጣል ይባላል፤ ሚስቱ ናት ያለችው።

«ክንዱ፣ ቤቱን ማን ወሰደው?»

«ማንም አልወሰደውም፣ ሹምባሽ። ራሱ ነው የሄደ።»

«ወዴት?»

«ወደ ወንዙ።»

«በምን?»

«በእግሩ ነዋ! ብዙ እግር አለው። እኔም እስከ ዛሬ አላየሁበትም ነበር፤ ደብቆት ኖሯል።»

«ስንት ጠጥተህ ነበር?»

«ቤቱ ሳይነሣ ወይስ ከተነሣ በኋላ?»

ምርመራውን ሊያይ አጠገባቸው የተቀመጠው ቴኔንቴው «ምን ይላል?» ብሎ ጠየቀ። ገብረሰንበት እንደሰማው ተረጎመለት። ቴኔንቴው ፊቱ ቀላ።

«ደግሞ ያነጥሳል፣» አለ ክንዱ።

«ማን?»

«ቤቱ! እየሄደ ያነጥሳል። አንዴ በዚህ ጎኑ፣ አንዴ በዚያ ጎኑ።»

«አንተስ ምን አልክ?»

«‹ይማርህ› አልኩታ! ምን ልበል?»

«ቤቱስ?»

«‹ያኑርህ› አለኝ። ጨዋ ቤት ነው።»

ቴኔንቴው ክንዱን ስካሩ እስኪበርድ አስሩት አለ። ክንዱም ወደ እስር ቤቱ ሲወሰድ ግድግዳውን በእጁ እየዳበሰ፣ «ይሄስ የሚቆም ነው?» ብሎ ጠየቀ።

*

ከወንዙ ማዶ የሩፋኤል ቤተ ክርስቲያን አለ። ምእመናኑ ለሰንበቴ ጠላቸውንና ዳቧቸውን የሚቀምሱበት ክብ ቤት ከገና ጀምረው ሲሠሩ ከርመው፣ አሁን መጨረሳቸው ነው። ግድግዳው እርጥብ ጭቃ ነው፤ ክዳኑ ላይ አዲስ ሰንበሌጥ ያበራል። ገብረሰንበት እትየ ታንጉትንና መሪጌታ ክንፈሚካኤልን ያገኛቸው እዚያ ነው። እትየ ታንጉት ወለሉን በአዛባ ይለቀልቃሉ፤ መሪጌታ በሩ አጠገብ ቁጭ ብለው በነገር ይረዷቸዋል።

«ግባ፣ ቆሎ ተማሪ፣» አሉት እትየ ታንጉት። «ይሄ ካኪ አሳጥሮሃል። ጣሊያን ጨርቅ አጠረው እንዴ?»

«ለእኔ ሲደርስ አለቀበት፣ እትየ።» ተቀመጠ። ወዲያው አስነጠሰው።

«ይማርህ፣» አሉ ሁለቱም ባንድ አፍ።

«ያኑራችሁ። እንግዲህ ጠያቂ ሆኜ ነው የመጣሁ፤ አትቀየሙኝ። መሪጌታ፣ በዚያች ማታ የት ነበሩ?»

«እዚህ። ደቦ ላይ።»

«የምን ደቦ?»

«የዚህ ቤት። ጣሪያ ስናወጣ ነው ያመሸን። ሰበካው በሙሉ ነበር፤ አንድ ሰው አልቀረም። በሩፋኤል ስም እምልልሃለሁ።»

መሪጌታ በሩፋኤል ስም አይዋሹም። ገብረሰንበት ይህን ያውቃል። ደግሞ አስነጠሰው።

«ይማርህ። ጉንፋን ይዞሃል፣ ልጄ።»

«አቧራው ነው። እርስዎስ፣ እትየ ታንጉት? ቤትዎን ማን ወሰደው?»

እትየ ታንጉት እጃቸው ላይ ያለውን አዛባ አዩ። ቀስ ብለው፣ «ቤቴን እግዜር ወሰደው፣ ልጄ፣» አሉ።

«ዕዳው ስንት ቀርቶብዎታል?»

«ሠላሳ ብር። ያው እንደነበረ ነው። ልናገር ካልኩ አያ ዘሩ ክፉ ሰው አይደሉም፤ አንድ ቀን ወለድ ጠይቀውኝ አያውቁም። እኔ ሠላሳዋን ሳላገኝ ነው እንጂ።»

«ጣሊያን ቆርቆሮ ሊሠራበት ነው ሲባልስ?»

«ያን ጊዜ እንቅልፌ ጠፋ። የአባቴ ርስት ነው ቦታው። እኔን ደብረ ማርቆስ ቢልኩኝ አሮጊት ነኝ፤ እዚያም እሞታለሁ፣ እዚህም እሞታለሁ። ቦታዬ የወይን መሸጫ ሆኖ ግን ልሞት አልፈልግም።»

መሪጌታ ጢማቸውን እየዳበሱ፣ «ሹምባሽ፣ ቅኔውን ትተኸው እንዳትሄድ ብዬህ ነበር፣» አሉ። «ሰሙን ይዞ የሚሮጥ ሰው ወርቁ ከኋላው ይቀራል።»

«አሁን እኔ የወርቅ ሌባ መሰለዎት የምፈልግ? የቤት ሌባ ነው።»

«እኔም እሱን ነው ያልኩህ።»

ገብረሰንበት አልገባውም። አስነጥሶት ወጣ።

*

የቀረው ተጠርጣሪ አንድ ነው። ጅጋ ላይ አቻምየለሽ የምትባል የበርበሬ ነጋዴ አለች። ባለፈው ገበያ በማሳደሪያው ዋጋ ከአያ ዘሩ ጋር ተጣልታ፣ «ይሄን ቤትህን ነቅዬ እጥልልሃለሁ!» ማለቷን መንደሩ ሁሉ ሰምቷል።

ገብረሰንበት በቅሎ ጭኖ በማንኩሳ አድርጎ ወጣ። ወጀት፣ አሁን ፍኖተ ሰላም የምንላት፣ አድሮ በማግስቱ ጅጋ ገባ። አቻምየለሽ ሱቋ ደጃፍ ዛላ በርበሬ ስትመርጥ አገኛት። ወገቧን ይዛ ሳቀች።

«እኔ? ቤት ሰርቄ የት ላስቀምጠው? ቤት ውስጥ?»

«ነቅዬ እጥላለሁ ብለሻል።»

«ለባሌም በየቀኑ እላለሁ፤ ይኸው ቆሟል። በዚያች ማታ ወጀት ሠርግ ላይ ነበርኩ። ጠይቅ! እስክስታ ስወርድ የሙሽራውን አጎት ገፍቼ ጠላ ጋን ውስጥ ከትቸዋለሁ። እስከ ዛሬ አይረሳኝም።»

ገብረሰንበት ወጀት ሲያድር የጋኑን ነገር ሰምቶ ነበርና አመናት። «በርበሬሽስ? ከተሰረቀው ቤት ውስጥ ነበር።»

«ደኅና ነው ብለውኛል፤ ቁርበት ለብሶ። ሌባ ብዬ እንዲህ ያለ አላየሁም! በርበሬዬን ከጤዛ የሚጠብቅ ሌባ ሌባ አይደለም፣ የንስሐ አባቴ ነው።» ዛላውን ወረወረችና አንገቷን ነቀነቀች። «ደግሞ ምን ሊያደርግለት ነው ያን ቤት? ይህን ሁሉ ዓመት በርበሬ ተከምሮበት ራሱ በርበሬ ሆኗል እኮ። ክዳኑ ገብቶበታል፣ ወጋግራው ገብቶበታል። ባዶውን እንኳ ብትገባበት ያስነጥስሃል።»

ገብረሰንበት ልጓሙን እንደያዘ ደርቆ ቀረ።

«ምን ሆንክ?»

«ይማርሽ።»

«አላስነጠሰኝም።»

«እኔን ያስነጠሰኝ በቂ ነው፣» አለና በቅሎው ላይ ወጣ።

*

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ሩፋኤል ደረሰ። ከሰንበቴው ቤት መካከል ቆመና ወደ ላይ አንጋጠጠ። ብዙ ጊዜ እንዳንጋጠጠ ቆየ። እትየ ታንጉት መጥረጊያቸውን እንደያዙ ቀሩ። መሪጌታ ዳዊታቸውን ዘጉ።

«መሪጌታ፣» አለ ገብረሰንበት፣ አሁንም እያንጋጠጠ፣ «ሰሙማ ያን ዕለት ገብቶኝ ነበር። ወርቁ ጅጋ ድረስ አስኬደኝ።»

«ደግ ነው። አንዳንዱ ጨርሶ አይመለስም።»

«ነገ አያ ዘሩንና ቴኔንቴውን እዚህ አመጣቸዋለሁ።»

እትየ ታንጉት ተቀመጡ። «ልታሳስረን ነው፣ ልጄ?»

ገብረሰንበት ባርኔጣውን አውልቆ አገላበጠው። «ያገኘሁትን ካልተናገርኩ እርስዎን ይወስዱዎታል። ከተናገርኩ አያ ዘሩ ቤቱን ይወስዱታል። ቅኔውን ትቼ ባልወጣ ኖሮ መላ አላጣም ነበር።»

«አያ ዘሩ ያሉትን ቃል ሰምተሃል?» አሉ መሪጌታ።

«ሰምቻለሁ።»

«ስንቱን ቃል?»

ገብረሰንበት የአያ ዘሩን ቃል በከንፈሩ ማጉተምተም ጀመረ። አጉተመተመ፣ አጉተመተመ፣ ከዚያ ባርኔጣውን መልሶ አጠለቀና ደኅና እደሩ እንኳ ሳይል ወጣ።

*

እሑድ ቅዳሴ እንደወጣ ሰበካው ሰንበቴው ቤት ገባ። ቴኔንቴው ብቸኛው ወንበር ላይ ተቀመጠ። አያ ዘሩ ከጎኑ ቁጢጥ አሉ። ክንዱም ከእስር ወጥቶ መጥቷል፤ ከግድግዳው ትንሽ ራቅ ብሎ ነው የቆመ።

ገብረሰንበት አንድ ቁና ዛላ በርበሬ ከአያ ዘሩ ፊት አስቀመጠ።

«አያ ዘሩ፣ ቴኔንቴው አማርኛ አይሰማም፣ ዓይን ግን አለው። ኪሣራዎን በፍሬ ያሳዩት። አንድ ፍሬ አንድ ብር። መጀመሪያ ያበደሩትን።»

አያ ዘሩ ሠላሳ ፍሬ ቆጥረው ለብቻ አኖሩ። ትንሽ ናት፤ በእፍኝ ትነሣለች።

«አሁን ቤቱ ያስገባውን።»

አያ ዘሩ በደስታ ጀመሩ። የመጀመሪያው ዓመት ዐሥር። ሁለተኛው ዐሥር። እየከመሩ ሄዱ። አምስተኛው ዓመት ላይ ሲደርሱ እጃቸው ቀስ አለ። ስምንተኛው ላይ ቆሙ። ክምሩን አዩት፤ ሠላሳዋን አዩ፤ እንደገና ክምሩን አዩት። ብሩ በየዓመቱ ጥቂት ጥቂት እየመጣ በየዓመቱ ሲሄድ ነው የኖረ። አንድ ላይ ተቀምጦ አይተውት አያውቁም።

እትየ ታንጉት ተነሥተው መጡ። «ይሄ የማን ነው?»

«ከቤትሽ የወጣ ነው፣» አሉ አያ ዘሩ፣ ድምፃቸው አንሶ።

«እኔ ሠላሳ ብቻ መስሎኝ! ወለድ የለም ብለውኝ የለ?»

«የለም እኮ። ወለድ አልተቀበልኩም።»

«ታዲያ ይሄ ምንድን ነው?»

አያ ዘሩ አንድ ፍሬ አንሥተው አገላብጠው አዩት። «እኔም… እንዲህ ያህላል ብዬ አላሰብኩም።»

«በበግ ጎጆ ስተኛ የኖርኩት ይሄን ሳበቅል ነው?» እትየ ታንጉት አልጮኹም። ክምሩ አጠገብ ቁጭ ብለው በጣታቸው ነካ ነካ አደረጉት። «ደረሰን እግዜር ያሳየው። ይሄን ያህል ተዝካርስ አልተበላም።»

በዚህ መካከል ቴኔንቴውን አስነጠሰው። አንዴ፣ ሁለቴ፣ ሦስቴ። ሰበካው በሙሉ «ይማርህ» አለ። አያ ዘሩንም አስነጠሳቸው። ከዚያ አያ ዘሩ አፍንጫቸውን ወደ ላይ አድርገው ማሽተት ጀመሩ። ዓይናቸው ከአፍንጫቸው ጋር ወደ ላይ ወጣ።

«ይሄ ጥቀርሻ…» አሉ።

«አዎን፣» አለ ገብረሰንበት። «እኔም እሱን ነው ያየሁት። ከላይ አዲስ ሰንበሌጥ፣ ከታች የስንት ዘመን ጥቀርሻ። ገና እሳት ያልነደደበት ቤት ጥቀርሻ ከየት ያመጣል? ክንዱ እውነቱን ነው የተናገረ። ቤቱ እግር አብቅሎ ወንዙን ተሻግሯል፤ የሰበካው ወንድ ሁሉ ከሥሩ ገብቶ። በርበሬው ያስነጥስ የነበረውም እነሱን ነው።»

«ብያለሁ!» አለ ክንዱ። «ብያችሁ ነበር!»

«መሪጌታም አልዋሹም። ጣሪያ ስናወጣ ነበርን ብለው ነገሩኝ። እትየ ታንጉትም ቤቴን እግዜር ወሰደው አሉኝ። ይኸው፣ የተቀመጥነው ከእግዜር ደጅ ነው። ሁሉም ነግረውኛል። ያልሰማሁ እኔ ነኝ።»

አያ ዘሩ ብድግ አሉ። «ተገኘ! ቤቴ ተገኘ! ይኸው ቆሟል! ቤቱ ከቆመ ይዞታዬም ይቆማል!»

«ቃሉን ከመጀመሪያው ይበሉት፣ አያ ዘሩ፣» አሉ መሪጌታ።

«‹ይህ ቤት በዚህ ቦታ ላይ…›» አያ ዘሩ አፋቸውን እንደከፈቱ ቀሩ። ወደ በሩ፣ ከወንዙ ማዶ ወዳለው ባዶ ክብ አዩ። «‹በዚህ ቦታ ላይ› ያስባለኝ ማነው?»

«ራስዎ ነዎት። እኔ ቆሜ ሰምቻለሁ። ቤቱ ከዚያ ቦታ ሲነሣ ይዞታዎም ብድርዎም አብረው ተነሡ።»

«‹ከቤቱ በቀር ሌላ አልጠይቅም›ም ብለዋል፣» አለ ገብረሰንበት። «ቤቱ የእትየ ታንጉት ነው፤ ሰው የራሱን ቤት አይሰርቅም። እሳቸውም ለሩፋኤል ሰጥተውታል። ከሩፋኤል ጋር መሟገት ይችላሉ።»

ቴኔንቴው አፍንጫውን እየጠረገ፣ «ሌባው ታወቀ?» ሲል ጠየቀ።

«ቤቱ ያለው በሩፋኤል እጅ ነው፣ ጌታዬ፣» አለ ገብረሰንበት በሾፌር ጣልያንኛው።

«ሩፋኤል ማነው? ይያዝ!»

«አይቻልም፣ ጌታዬ። ክንፍ አለው።»

ቴኔንቴው እንዲህ ያለ አገር ገጥሞት አያውቅም፤ ቤቱ ይሄዳል፣ ሽፍታው ይበራል። «ሁልጊዜ ነው የሚመጣ?» አለ ድምፁን ዝቅ አድርጎ።

«በየወሩ። በዓመት አንዴ ደግሞ ሕዝቡ ሁሉ ይቀበለዋል።»

ቴኔንቴው ባርኔጣውን አነሣ። በዚያው ሳምንት ምሽጉ ላይ የሰማይ ጠባቂ ዘብ ጨመረ ይባላል። እትየ ታንጉትን ግን ሁለተኛ አልጠራቸውም።

አያ ዘሩ ወደ በርበሬው ተመልሰው ቁጢጥ አሉ። «ሠላሳዬስ?» አሉ፣ ለማንም ሳይሆን። ሠላሳዋን ፍሬ በእፍኛቸው አንሥተው ትንሽ ይዘዋት ቆዩና ክምሩ ላይ ጣሏት። ወዲያው ከሌላው ጋር ተቀላቀለች፤ የቱ የቱ እንደሆነ አይታወቅም።

*

የካቲት ገብቶ እትየ ታንጉት በቦታቸው ላይ ቤት ጀመሩ። አሮጌው ለሩፋኤል ቀርቷል፤ የተሰጠ አይመለስም። ያገኙት ባዶ መሬት ነው።

«ሠላሳ ተበድረን፣ ሰማንያ ከፍለን፣ ቤቱንም ጨመርንበት፣» አሉ ለገብረሰንበት። «ከሁሉ የሚያናድደኝ ተዝካሩ ላይ ወጡ አልጣፈጠም ነበር።»

ገብረሰንበት ካኪውን አውልቆ ከመካከል ካስማ ይዞ ቆመ። እትየ ታንጉት የመጫኛውን ጫፍ ይዘው፣ በዱላ መሬቱን እየጫሩ ዙሪያውን ዞሩት። ከድሮው ሰፋ አድርገው ነው የዞሩ። ሰበካው እንጨት ያቀብላል፤ ከወንዝ የወጣው ውኃ ከአፈርና ከጭድ ጋር ይቦካል።

ከቀትር በፊት አያ ዘሩ መጡ። ከዳር ቆመው መሬት መሬት ሲያዩ ቆዩ።

«ታንጉት፣ ለአናጢ ምናምን ብር ካጠረሽ…»

ሥራው ቆመ። መጫኛውም፣ መጥረቢያውም፣ የሰውም አፍ።

«…ወለድ የለበትም፣» አሉ አያ ዘሩ።

መጀመሪያ የሳቀው ክንዱ ነው። ከዚያ መሪጌታ። ከዚያ አገሩ ሁሉ ሆዱን ይዞ ተቀመጠ። አያ ዘሩ ፊታቸው እንደ ዛላ ቀላ፤ መጨረሻ ላይ ግን የእሳቸውም ከንፈር አልቻለም፣ ተሸነፈ።

«አያ ዘሩ፣» አሉ እትየ ታንጉት እንባቸውን በነጠላቸው ጫፍ እየጠረጉ፣ «ጫማዎን ያውልቁ።»

«ለምን?»

«ጭቃው ረጋጭ አንሶታል።»

አያ ዘሩ ጫማቸውን አዩ። ቆዳ ነው፤ ከደብረ ማርቆስ የመጣ። ሰዉን አዩ። አንዱን አወለቁ፤ ሌላውን አወለቁ፤ አጣምረው ገብረሰንበትን አስያዙት። ሱሪያቸውን እስከ ጉልበታቸው ሰበሰቡና ገቡ።

«ኧረ ይቀዘቅዛል!»

«ይርገጡት፣» አሉ እትየ ታንጉት። «ሲረገጥ ይሞቃል።»